አንድ አድራሻ የያዙ ሁለት ላፕቶፖች፦ በኮምቦልቻ አንድ መጋዘን የገጠመ የኔትወርክ ጉዳይ

ይህ ጽሑፍ የሚመለከተው ማሾ፣ ማሽላና ሰሊጥ ከአቅራቢዎች ተረክቦ በጅምላ በሚሸጥ አንድ የኮምቦልቻ ድርጅት ውስጥ ከሦስት ሳምንት በላይ ሥራ ያስተጓጎለ የኔትወርክ ብልሽት ነው። ድርጅቱንም ሆነ ዕቃውን የሸጠውን ሱቅ በስም አልጠራም። ጉዳዩን በዝርዝር ለመጻፍ ያነሣሣኝ፣ ስዊች የምንለው፣ የኮምፒውተሮችን ኬብሎች የሚያገናኘው መሣሪያ የትኛው ኮምፒውተር በየትኛው ፖርት (የኬብል መሰኪያ) በኩል እንደሚገኝ በምን እንደሚያውቅ፣ ያወቀውንም እንዴት እንደሚሠራበት ከዚህ ይልቅ አጥርቶ የሚያሳይ አጋጣሚ በሥራ ዘመኔ ስላልገጠመኝ ነው። መኖሪያዬ ደሴ ሲሆን ሥራዬ በደሴ፣ በኮምቦልቻ፣ በሐይቅና በአካባቢው ላሉ መሥሪያ ቤቶች ኔትወርክ መዘርጋትና መጠገን ነው።

የድርጅቱ ኔትወርክ ትንሽ ነው። ከግቢው ፊት ለፊት ባለው ቢሮ ውስጥ የሒሳብና የዕቃ መቆጣጠሪያ ፕሮግራም የተጫነበት ሰርቨር፣ የሥራ አስኪያጁ፣ የሒሳብ ሠራተኛዋና የሁለት ጸሐፊዎች ኮምፒውተሮች፣ አንድ ማተሚያና ወደ ኢንተርኔት የሚያወጣ ራውተር በአንድ ባለ16 ፖርት ስዊች ላይ ተሰክተዋል። ከቢሮው የሚነሣ 60 ሜትር ገደማ ኬብል ግቢውን አቋርጦ መጋዘኑ ውስጥ ካለች ባለ5 ፖርት ትንሽ ስዊች ጋር ይገናኛል፤ በእርሷ ላይ ደግሞ የመጋዘን ኃላፊው ላፕቶፕና የመኪና ሚዛኑ ኮምፒውተር አሉ። ሁለቱም ስዊቾች ሰክቶ ከመተው በቀር ምንም ማስተካከያ የማይቀበሉ፣ ውስጣቸው ምን እንደተመዘገበም ለማንበብ የማያስችሉ ዓይነት ናቸው።

ብልሽቱ የጀመረው ለሒሳብ ሠራተኛዋና ለመጋዘን ኃላፊው አዳዲስ ላፕቶፖች በተገዙበት ሳምንት ነው። ላፕቶፖቹ ስስ ስለሆኑ የኔትወርክ ኬብል መሰኪያ የላቸውም፤ በመሆኑም ለእያንዳንዳቸው በዩኤስቢ የሚሰካ ርካሽ የኔትወርክ አዳፕተር አብሮ ተገዝቷል። ከዚያ ቀን ጀምሮ የሒሳብ ሠራተኛዋ ሪፖርት ስትከፍት ገጹ ግማሽ ድረስ መጥቶ ይቆማል፤ ጥቂት ሰከንድ ጠብቃ ደጋግማ ስትጫነው ይመለስላታል፤ እንደገና ይቆማል። የመጋዘን ኃላፊው ደግሞ የጭነት መኪና ሚዛን ላይ ቆሞ ሳለ የገቢ ደረሰኙን ለማውጣት ሲሞክር ፕሮግራሙ ከሰርቨሩ ጋር መገናኘት እንዳልቻለ ይነግረዋል። የሌሎቹ ሠራተኞች ኮምፒውተሮች በሙሉ ደህና ነበሩ።

ከእኔ በፊት የተጠራው ባለሙያ ወደ መጋዘኑ የሚሄደውን ኬብል አስቀይሯል፣ ትንሿን ስዊች ለውጧል፣ የሒሳብ ሠራተኛዋን ላፕቶፕ ዊንዶውስ እንደ አዲስ ጭኗል፣ የሁለቱንም አይፒ አድራሻ፣ ማለትም ኮምፒውተሮች በኔትወርክ ላይ የሚጠራሩበትን ቁጥር፣ በሌላ ቀይሯል። አንዱም ለውጥ አላመጣም። ይህን የማነሣው ባልደረባዬን ለመንቀፍ አይደለም፤ እኔም በመጀመሪያው ጉዞዬ ከእርሱ የተሻለ ነገር አላደረግሁም። የሐረጎን ቁልቁለት ወርጄ ኮምቦልቻ ስገባ ጠዋት ነበር። ከሒሳብ ሠራተኛዋ ላፕቶፕ ወደ ሰርቨሩ ለረጅም ጊዜ ፒንግ አደረግሁ፣ ማለትም «አለህ ወይ» የሚል አጭር ጥያቄ ደጋግሜ ላክሁ፤ ከአንድና ከሁለት በቀር መልሱ ሁሉ ከአንድ ሺህኛ ሰከንድ ባነሰ ጊዜ ውስጥ ተመለሰ። በዚህ ተማምኜ «ኔትወርኩ ጤነኛ ነው፤ ፕሮግራሙን የሸጠላችሁን ሰው ጠይቁ» ብዬ ወደ ደሴ ተመለስሁ። ያ መልስ ስሕተት ነበር፤ ፒንጉ ለምን እንዳሳሳተኝ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ፤ ከጉዳዩ ሁሉ ይልቅ ብዙ ያስተማረኝ እርሱ ነውና።

ሁለተኛ ጊዜ የሄድሁት በዓርብ ቀን ነው። ከቀኑ 6 ሰዓት ተኩል ገደማ ላይ የሒሳብ ሠራተኛዋ የሳምንቱን ሪፖርት ያለ አንዳች መቋረጥ ስታወጣ አየሁ። ገርሞኝ ብጠይቃት፣ «ዓርብ ዓርብ እስከ 8 ሰዓት ድረስ አይቆምብኝም፤ ስለዚህ ከባድ ከባዱን ሥራ ለዚህ ሰዓት አቆየዋለሁ» አለችኝ። የመጋዘን ኃላፊው ከጁምዓ ሶላት ሲመለሱ ይህንኑ አነሣሁላቸው። እርሳቸውም ጥቂት አሰቡና፣ «ልጄ፣ እኔ የኮምፒውተር ሰው አይደለሁም፤ ግን ወላሂ፣ ይቺ ልጅ ምሳ ስትወጣ ነው የኔው ደህና የሚሠራ» አሉኝ። ዓርብ ወደ መስጊድ ሲሄዱ ላፕቶፑን አጥፍተው መሳቢያ ውስጥ ይቆልፉበታል። ሁለቱ ሰዎች በ60 ሜትር ርቀት፣ በተለያየ ስዊች ላይ፣ የተለያየ አይፒ ይዘው ተቀምጠው አንዱ ሲጠፋ ሌላው የሚድን ከሆነ፣ መጋራት የሌለባቸውን አንድ ነገር ይጋራሉ ማለት ነው። በኔትወርክ ላይ ደግሞ ከአይፒ በታች ማንነትን የሚለይ ነገር አንድ ብቻ ነው፤ እርሱም ማክ አድራሻ ነው።

ማክ አድራሻ 48 ቢት (እያንዳንዳቸው 0 ወይም 1 የሚይዙ ቦታዎች) ርዝመት ያለው፣ በ12 ምልክቶች የሚጻፍ ቁጥር ሲሆን በእያንዳንዱ የኔትወርክ ካርድ ውስጥ ከፋብሪካው ተጽፎ ይመጣል። የመጀመሪያዎቹን 24 ቢቶች ለአምራቹ የሚመድበው አይ ትሪፕል ኢ የተባለው ዓለም አቀፍ የኤሌክትሪክና የኤሌክትሮኒክስ መሐንዲሶች ማኅበር ነው፤ የቀሩትን 24 ቢቶች አምራቹ ራሱ ለእያንዳንዱ ካርድ የተለየ ቁጥር አድርጎ ይሰጣል ተብሎ ይጠበቃል። በአንዱ ምድብ ውስጥ 16,777,216 የተለያዩ አድራሻዎች ስላሉ ቁጥር አጥቶ የሚደግም አምራች ሊኖር አይገባም።

ስዊች ሲበራ ስለ ማንም የሚያውቀው የለም፤ የአድራሻ ሠንጠረዡ ባዶ ነው። በኬብሉ የሚመጣው እያንዳንዱ ፍሬም (የመረጃ ጥቅል) ሁለት ማክ አድራሻ ተሸክሞ ይመጣል፤ አንዱ የተቀባዩ፣ ሁለተኛው የላኪው ነው። ስዊቹ የሚማረው ከላኪው አድራሻ ብቻ ነው፦ «ይህ አድራሻ በ5ኛው ፖርት በኩል ገባ፤ እንግዲያው ባለቤቱ በዚያ በኩል ነው» ብሎ ይመዘግባል። የሚያስተላልፈው ደግሞ የተቀባዩን አድራሻ በሠንጠረዡ ውስጥ ፈልጎ ነው። ካገኘው በዚያ ፖርት ብቻ ያወጣዋል፤ ካላገኘው ከመጣበት ፖርት በቀር በሁሉም ይበትነዋል፤ ተቀባዩ ፍሬሙ በመጣበት በዚያው ፖርት በኩል እንደሆነ ከተመዘገበ ግን ፍሬሙን ይጥለዋል፤ በመጣበት መልሶ መላክ ትርጉም የለውምና። አንድ አድራሻ ለተወሰነ ጊዜ ምንም ሳይልክ ከቆየ መዝገቡ ይሰረዛል፤ በ1990 እ.ኤ.አ. በወጣው፣ 802.1ዲ በተባለው የስዊቾች አሠራር መስፈርት የተመከረው ጊዜ 300 ሰከንድ ሲሆን አብዛኞቹ ስዊቾች ዛሬም በዚሁ ይሠራሉ።

በዚህ አሠራር ውስጥ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል። ስዊቹ የነገሩትን አይመረምርም፤ አንድ አድራሻ ትናንት በ5 ዛሬ በ12 ፖርት ቢመጣ «ባለቤቱ ቦታ ቀየረ» ብሎ የቀድሞውን ሰርዞ አዲሱን ይጽፋል። ላፕቶፕ ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው ይዞ መሄድ የሚቻለውም በዚህ ምክንያት ስለሆነ ጠባዩ ትክክል ነው። ነገር ግን በአንድ ቀበሌ ሁለት ሰይድ ቢኖሩና መልእክተኛው «ሰይድን መጨረሻ ያየሁት በታችኛው መንገድ ነው» እያለ የሁለቱንም ደብዳቤ ወደ አንዱ ቢወስድ፣ ሁለቱም ሰዎች ደብዳቤያቸውን የሚያገኙት ሌላው ብቅ እስኪል ድረስ ብቻ ይሆናል።

ጥርጣሬዬን በዓይኔ ለማየት የአድራሻ ሠንጠረዡን ማንበብ ነበረብኝ፤ የድርጅቱ ስዊቾች ግን አያስነብቡም። ስለዚህ ቅዳሜ ጠዋት ከደሴ የራሴን ባለ24 ፖርት፣ በድረ ገጽ የሚታዘዝ ስዊች ይዤ ወረድሁና በቢሮው ስዊች ምትክ አስገባሁት። የሒሳብ ሠራተኛዋን በ5ኛው፣ ከመጋዘኑ የሚመጣውን ኬብል በ12ኛው ፖርት ላይ ሰካሁ። ሁሉም ሰው ማሽኑን ከፍቶ ሥራ እንዲጀምር ጠይቄ የሠንጠረዡን ገጽ ከፈትሁ። መጀመሪያ የቆጠርሁት የአድራሻዎቹን ብዛት ነው። የእኔን ላፕቶፕ ጨምሮ በኔትወርኩ ላይ አሥር መሣሪያዎች አሉ፤ በሠንጠረዡ ውስጥ ግን የነበሩት ዘጠኝ አድራሻዎች ናቸው።

ቀጥሎ ገጹን ደጋግሜ ማደስ ጀመርሁ። ከዘጠኙ አንዱ፣ በ58 የሚያልቀው አድራሻ፣ መጀመሪያ በ5ኛው ፖርት ነበር፤ ሳድሰው 12ኛው ላይ ተገኘ፤ እንደገና 12፤ ከዚያ 5፤ ከዚያ 12። ሌሎቹ ስምንቱ አድራሻዎች ግን ከቦታቸው ንቅንቅ አላሉም፤ የሚዛኑ ኮምፒውተር አድራሻ እንኳ በዚያው በመጋዘኑ ኬብል በኩል ቢመጣም 12ኛው ላይ እንደተቀመጠ ቆየ። የሥራ አስኪያጁ ከኋላዬ ቆመው ይመለከቱ ስለነበር ቁጥሩ ሲዘልል በጣቴ አሳየኋቸው።

አድራሻ ከፖርት ወደ ፖርት ሲዘልል ያየ የኔትወርክ ሰው ቀድሞ የሚያስበው የኬብል ቀለበትን ነው፤ ይኸውም አንድ ሰው ሳያውቅ ሁለት ስዊቾችን በሁለት ኬብል ሲያገናኝ የሚፈጠረው ነው። የኤተርኔት ፍሬም ስንት ስዊች እንዳለፈ የሚቆጥርበት ነገር ስለሌለው በቀለበት ውስጥ ማለቂያ በሌለው ዙር ይሽከረከራል። ራዲያ ፐርልማን በ1985 እ.ኤ.አ. የነደፈችው ስፓኒንግ ትሪ የተሰኘው ዘዴም ለዚሁ መፍትሔ ነው። እዚህ ግን ቀለበት እንዳልሆነ ከሠንጠረዡ ይታወቅ ነበር፦ ቀለበት ቢሆን ኖሮ የሚዘልለው የአንዱ ብቻ ሳይሆን የብዙዎቹ አድራሻ ይሆን ነበር፣ የስዊቹ መብራቶችም ሁሉም በአንድነት ያለ ፋታ ይብለጨለጩ ነበር፣ ከዚያም በላይ ሙሉው ቢሮ ሥራ ያቆም ነበር። አንድ አድራሻ ብቻ በሁለት ቦታ መካከል የሚመላለስ ከሆነ፣ ሁለት ባለቤት አለው ወይ ብሎ መጠየቅ ይገባል።

ጥያቄውን ለመመለስ ሁለቱንም ላፕቶፖች አንድ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጬ የየራሳቸውን አድራሻ በማያ ገጻቸው ላይ አወጣሁ። የሒሳብ ሠራተኛዋ የአንዱን ምልክቶች ጮክ ብላ ስታነብ የመጋዘን ኃላፊው በሌላው ላይ በጣታቸው ይከተሉ ነበር፤ 12ቱም ምልክቶች አንድ ናቸው።

አሁን ወደ ፒንጉ ልመለስ። ፒንግ ሲደረግ ጥያቄው የሚነሣው ከራሱ ከላፕቶፑ ስለሆነ፣ ፍሬሙ ስዊቹን ሲያልፍ አድራሻውን ወደ ላኪው ፖርት ያዛውረዋል፤ መልሱ ደግሞ ወዲያው ስለሚመጣ መዝገቡ ገና ትክክል እንደሆነ ያገኘዋል። መልሱ የሚጠፋው በዚያች ከአንድ ሺህኛ ሰከንድ ባነሰች ፋታ ውስጥ ሌላኛው ላፕቶፕ አንድ ነገር ከላከ ብቻ ነው። ስለዚህ ፒንግ የሚያደርገው ሰው በየሰከንዱ የራሱን ቦታ በራሱ እያስተካከለ ይለካል፤ መለኪያው በሽታውን ይሸፍነዋል። ሪፖርት ሲከፈት ግን ነገሩ ሌላ ነው። ሰርቨሩ ብዙ ፍሬሞችን በተከታታይ ይልካል፤ በመሐሉ የመጋዘኑ ላፕቶፕ ሰርቨሩን አንድ ጊዜ ከጠየቀ የቀሩት ፍሬሞች በሙሉ ወደ መጋዘኑ ይሄዳሉ። የመጋዘኑ ካርድ አድራሻው የእርሱ ስለሆነ ይቀበላቸዋል፤ ዊንዶውስ ግን አይፒው የእርሱ አለመሆኑን አይቶ ድምፅ ሳያሰማ ይጥላቸዋል። ሰርቨሩ የመድረሻ ማረጋገጫ ሲያጣ ደግሞ ይልካል፤ የሚጠብቀውንም ጊዜ በየሙከራው እጥፍ ያደርገዋል፤ ድጋሚ የተላከውም ቢሆን መዝገቡ እስኪታረም ድረስ ወደዚያው ወደ ተሳሳተው ፖርት ይሄዳል። ሠራተኛዋ ደጋግማ ስትጫን ገጹ የሚመለስላት ለዚህ ነው፦ በተጫነች ቁጥር ከላፕቶፕዋ አንድ ፍሬም ይወጣል፤ ያ ፍሬም ስዊቹን እንደገና ያስተምረዋል። ለሦስት ሳምንት ያህል ሳታውቀው የአድራሻ ሠንጠረዡን በእጇ ስታርም ነበር።

ሁለቱ ላፕቶፖች እርስ በርሳቸው ደግሞ ጨርሶ አይገናኙም ነበር። የመጋዘን ኃላፊው የተጋራውን የሒሳብ ፎልደር አንድም ቀን ከፍተው እንደማያውቁ ነግረውኛል፤ ሁሉም ሰው የይለፍ ቃል ጉዳይ መስሎት ነበር። ከአንዱ ወደ ሌላው በሚሄድ ፍሬም ላይ የላኪውና የተቀባዩ አድራሻ አንድ ነው። ስዊቹ የላኪውን አድራሻ በመጣበት ፖርት ላይ ይመዘግባል፤ ተቀባዩን ሲፈልግ ያንኑ አድራሻ በዚያው ፖርት ላይ ያገኘዋል፤ ስለዚህ በመጣበት አይመልስምና ይጥለዋል። ከላይ የጠቀስሁት ሦስተኛው ደንብ ሥራውን በትክክል ሠርቷል።

የሚያስገርመው፣ ከስዊች በፊት ይሠራበት በነበረው በድሮው ሃብ ላይ ይህ ብልሽት አይታይም ነበር። ሃብ የመጣለትን ሁሉ ለሁሉም ስለሚበትን ሁለቱም ላፕቶፖች የሁለቱንም ፍሬም ይቀበላሉ፤ ከዚያም እያንዳንዱ በአይፒው የራሱን ይለያል። የተደገመው አድራሻ ጉዳት የሚያመጣው ስዊቹ መርጦ ስለሚያስተላልፍ ነው።

ዊንዶውስ ለምን አላስጠነቀቀም የሚል ጥያቄ ከሥራ አስኪያጁ ቀርቦልኝ ነበር። ዊንዶውስ የሚያስጠነቅቀው አንድ አይፒ ለሁለት ሲሰጥ ነው፤ እዚህ አይፒዎቹ በእጅ የተሞሉና የተለያዩ ነበሩ። አይፒው በዲኤችሲፒ፣ ማለትም አይፒን ለኮምፒውተሮች በራሱ በሚያድለው አሠራር፣ የሚታደል ቢሆን ኖሮ አዳዩ የሚያውቃቸው በማክ አድራሻቸው ስለሆነ ለሁለቱም አንድ አይፒ ይሰጣቸው ነበር፤ ሁለቱ አንድ አይፒ መያዛቸውም ለሚመለከት ሰው ፈጥኖ ሊታይ ይችል ነበር። ሌላም መታየት የሚገባው ምስክር ነበር፦ የሰርቨሩ የአርፕ መዝገብ፣ ማለትም የትኛው አይፒ በየትኛው ማክ አድራሻ እንደሚገኝ የሚያሳየው ዝርዝር። ያንን አንድ ትእዛዝ ጽፌ ብከፍተው ኖሮ ሁለት አይፒዎች በአንድ አድራሻ ፊት ለፊት ተጽፈው አገኛቸው ነበር። ስዊች ተሸክሞ ሐረጎን መውረድም ባላስፈለገ። በመጀመሪያው ቀን ይህን አለማድረጌ ድርጅቱን ተጨማሪ የሥራ ቀናት አስከፍሎታል። ዛሬ ወደ ማንኛውም መሥሪያ ቤት ስገባ ከፒንግ በፊት የምከፍተው እርሱን ነው።

አዳፕተሮቹ የተገዙት ደሴ ፒያሳ አካባቢ ካለ ሱቅ ነው። ባለሱቁን ነገሩን ሳስረዳው ቅር ሳይለው ከዚያው ካርቶን የቀሩትን ሦስት አዳፕተሮች አወጣልኝና በየተራ በራሱ ኮምፒውተር ላይ ሰካናቸው። ሦስቱም ያንኑ በ58 የሚያልቅ አድራሻ አሳዩ። በርካሽ የዩኤስቢ አዳፕተሮች ላይ ይህ የታወቀ ጉድለት ነው፤ ለእያንዳንዱ የተለየ ቁጥር መጻፍ ተጨማሪ ሥራ ስለሚጠይቅ አንዳንድ አምራቾች ከቺፑ ጋር የመጣውን ቁጥር እንዳለ ይተዉታል። ባለሱቁ ገንዘቡን ሊመልስ ቢፈልግም በወቅቱ ሌላ ዓይነት አልነበረውም።

ስለዚህ ለጊዜው የመጋዘኑን ላፕቶፕ አድራሻ በዊንዶውስ የአዳፕተር ማስተካከያ ውስጥ ገብቼ በ02 የሚጀምር ሌላ ቁጥር አድርጌ ቀየርሁት። በ02 እንዲጀምር ያደረግሁት በዘፈቀደ አይደለም፤ በመጀመሪያው ባይት (በመጀመሪያዎቹ ስምንት ቢቶች) ውስጥ ያለችው ከቀኝ ሁለተኛዋ ቢት አንድ ስትሆን አድራሻው ከፋብሪካ የመጣ ሳይሆን በቦታው የተሰጠ መሆኑን ስለምታመለክት፣ ከአምራቾች ቁጥር ጋር እንዳይጋጭ ትጠብቀዋለች። በሠንጠረዡ ላይ ወዲያው አሥረኛው አድራሻ ብቅ አለ፤ በ58 የሚያልቀውም 5ኛው ፖርት ላይ ረጋ። የመጋዘን ኃላፊው የሒሳብ ፎልደሩን ለመጀመሪያ ጊዜ ከፈቱ። ይህን መፍትሔ ግን ዘላቂ ብዬ አልተውሁትም፤ ማስተካከያው የሚቀመጠው በላፕቶፑ ውስጥ እንጂ በአዳፕተሩ ውስጥ ስላልሆነ፣ ዊንዶውስ እንደ አዲስ ሲጫን ወይም አዳፕተሩ ወደ ሌላ ማሽን ሲዛወር የድሮው ቁጥር ይመለሳል። ከሁለት ሳምንት በኋላ ከሌላ አምራች የመጣ አዳፕተር ተገዝቶ ተተካ፤ ከመሰካቱ በፊትም አድራሻው ከሌሎቹ ሁሉ ጋር ተነጻጽሯል።

የመጋዘን ኃላፊው አሁን የኔትወርክ ዕቃ ወደ መጋዘን ሲገባ በገቢ መዝገባቸው ላይ ከመለያ ቁጥሩ አጠገብ አንድ ዓምድ ጨምረዋል። 12ቱን ምልክቶች ሁለት ሁለት እያደረጉ በእጃቸው ይጽፋሉ፤ ከዚያም ከላይ ካሉት መስመሮች ጋር እያስተያዩ በጣታቸው ይወርዳሉ፤ የተደገመ ካገኙ ዕቃውን አይረከቡም።